የዘጠኝ ሰዓቱ ሰው

ዓለሚቱ ሽጉጡን ያገኘችው ከልጇ የትምህርት ቤት ቦርሳ ውስጥ ነው። ምሳ ዕቃ ልትከት እጇን ስትሰድ ቀዝቃዛ ብረት ነካት፤ ጎትታ አወጣችው። ልጅቷ ደጃፉ ላይ ቁጢጥ ብላ የጫማዋን ክር እያሰረች ስለነበር አላየችም። ዓለሚቱ ሽጉጡን በነጠላዋ ጫፍ ሸፍና፣ መሬት ላይ በተነጠፈ ፍራሽ ከተኛው ወንድሟ ከእንየው ራስጌ አኖረችው፤ ምሳ ዕቃውን ቦርሳው ውስጥ ከተተች፤ ዚፑን ዘጋች፤ ልጇን ግንባሯን ስማ ሸኘቻት። እንየው ነቅቶ ነበር፤ ግን ዓይኑን ጨፍኖ የተኛ መሰለ። ትናንት ሰፈሩ ሊፈተሽ ነው የሚል ወሬ ሰምቶ፣ የሁለተኛ ክፍል ተማሪ ቦርሳ ማን ይነካል ብሎ ነበር እዚያ የከተተው። ብልሃት መሆኑ ነው። ጠዋት ቀድሞ ተነስቶ ሊያወጣው አስቦ እንቅልፍ ጣለው። እንግዲህ ሰው እንዲገድል ከሲማዳ ንፋስ መውጫ ድረስ የተላከው እንዲህ ያለው ሰው ነው።

ቤቱ አንድ ክፍል ነው። በወር ሁለት ሺህ አምስት መቶ ብር ይከፈልበታል፤ ውሃው ግቢ ውስጥ በሳምንት ሁለት ቀን ይመጣል፤ ግድግዳው በአሮጌ የቀን መቁጠሪያ ወረቀት ተለብጧል። ከአልጋው በላይ የታላቅ ወንድማቸው የሞገስ ፎቶ ተሰቅሏል፤ ሁለቱም ወደዚያ አያዩም። ዓለሚቱ ሆስፒታል ውስጥ ቁስል የምታጥብ ነርስ ናት። ነጭ ጋዋኗን አጥፋ ቦርሳዋ ውስጥ ከተተች፣ ለወንድሟ ሻይ ቀዳች፣ ዳቦ ቆርሳ ከጎኑ አስቀመጠች። ሃያ አንድ ቀን አንድ ጣሪያ ሥር ሲያድሩ ለምን እንደመጣ አልጠየቀችውም፤ እሱም አልነገራትም። ታውቃለች። ልትወጣ እጀታውን ከያዘች በኋላ ዞር አለችና «ልጄ ቦርሳ ውስጥ» አለች። «ረስቼው ነው» አላት። በሩን ዘግታ ሄደች። ሻዩ ስኳር አልነበረውም።

ነገሩ ይህ ነው። ሞገስ በማሳ ድንበር ጠብ ከተገደለ ሁለት ዓመት አልፎታል፤ ገዳዩም እጁን ሰጥቶ ታስሯል። በእነእንየው ዘመዶች ዘንድ ግን የአንድ ሰው መታሰር ደም አያደርቅም። ደሙ የሚመለሰውም ከገዳዩ አይደለም፤ ከቤቱ የተሻለውን፣ ሲሞት ቤቱን የሚያጎድለውን ሰው መርጠው ነው። የገዳዩ ታናሽ ወንድም ቀለመወርቅ ዲግሪ የያዘ፣ ንፋስ መውጫ ፊዚክስ የሚያስተምር፣ እናት አባቱን በደመወዙ የሚጦር ሰው ነው፤ ስለዚህ እሱ ነው የሚሞተው። ሦስት ጊዜ ሽማግሌ ልኮ ነበር። የእንየው አጎት አያ ንጉሴ ሦስቱንም ጊዜ ውሃ እንኳ ሳያቀምሱ መለሷቸው። የወንድም ደም በመጀመሪያ የወንድም ነው ብለው እንየውን መረጡ፤ ሽጉጡን ሰጡት፤ ሲሸኙትም «የማን እጅ እንደነካው ሳታውቅ እህል እንዳትቀምስ» አሉት። እንየው ሰውየውን በዓይኑ አይቶት አያውቅም፤ ቀለመወርቅ ገና በልጅነቱ ለትምህርት ከቀዬው ወጥቷል። ያለው አንድ ፎቶ ነው፦ የምረቃ ካባ የለበሰ፣ ጉንጩ የሞላ፣ ጢም ያላበቀለ ወጣት እየሳቀ።

ቀለመወርቅ ከሚያስተምርበት ትምህርት ቤት በር ትይዩ የቤቲ ጌም ቤት አለ። ጣሪያውም ግድግዳውም ቆርቆሮ ነው፤ አራት ቴሌቪዥን፣ አራት አግዳሚ፣ በሩ ላይ ከዕቃ መጠቅለያ ፌስታል የተሰራ መጋረጃ። እንየው የመጣ ሰሞን በሩን የሚያይበት ቦታ ሲፈልግ ገብቶ መስኮቱ ሥር ቁጭ አለ። ቤቲ ማስቲካዋን እያኘከች መጣች። «ካልተጫወትክ ውጣ፤ ይሄ መናኸሪያ አይደለም» አለችው። ሰዓቱ በሠላሳ ብር ነው። ኳስ የሚጫወቱት ሦስቱን ቴሌቪዥን ይዘው ወረፋ ይጋፋሉ፤ መስኮቱ ሥር ያለው ብቻ ባዶ ነበር፤ በእሱ ላይ ያለውን ጨዋታ ማንም አይፈልገውምና። ልጆቹ «የብረቶቹ ጌም» ይሉታል። ፎቅ የሚያህሉ የብረት ሰዎች ከዋክብት መሃል ይዋጋሉ። እንደ ኳሱ ሩጫ የለውም፤ እንደ ገበጣ ነው፤ አንተ ብረቶችህን አንድ በአንድ ታንቀሳቅሳለህ፣ ከዚያ እጅህን አጣጥፈህ ጠላት ተራውን እስኪጨርስ ትጠብቃለህ። እንየው አሥረኛ ክፍል ላይ ትምህርቱን የተወ ሰው ስለሆነ ጽሑፉን ትቶ በሥዕሉ ነበር የሚማረው።

ውሃ ሲወስድ እያሳሳቀ ነው። መጀመሪያ ዓይኑ መስኮቱ ላይ ነበር፤ በሦስተኛው ቀን መስኮቱን ረሳው። አንድ ቀይ ብረት ነበረው፤ በትከሻው ከራሱ የሚረዝም ሰይፍ የተሸከመ። ያ ቀይ ጠላቱን ከትከሻው እስከ ዳሌው ሲሰነጥቀው ውስጡ ያለው ዘይት እንደ ደም ይረጫል፤ ከመፈንዳቱ በፊት ውስጡ ሆኖ የሚነዳው ሰው ፊት በማያው ላይ ይመጣል፣ አፉን ከፍቶ ይጮኻል፣ ከዚያ ብርሃን ብቻ ይሆናል። እንየው ያን ፊት ለማየት ደጋግሞ ይገድላል። ማታ ፍራሹ ላይ ተኝቶ የራሱ ክንድ ሰይፉን ሲያወርድ ይሰማዋል፤ የሚሰነጠቀው ግን የፎቶው ሰውዬ ነው። ቤቲ አንድ ቀን ስታስረዳው፣ ብረቶቹ ከተለያየ ፊልም የተሰበሰቡ ናቸው፣ በየራሳቸው ታሪክ የሚጋደሉ ደመኞች ናቸው፣ እዚህ ግን ከውጭ የመጣ ክፉ ጠላት ስላለ በአንድ መርከብ ተሳፍረዋል አለችው። ነገሩ አልገባውም። «ማን አስታረቃቸው?» ብሎ ጠየቃት። «ጃፓኖቹ» አለችና ኳስ ወደሚጫወቱት ሄደች።

የማሽኑ ማኅደር በኳስ ስለሞላ ለብረቶቹ ጨዋታ የቀረው አንድ ሴቭ፣ ጨዋታው የቆመበት የሚቀመጥበት አንድ ቦታ ብቻ ነው። ይህንኑ ጨዋታ ደግሞ ሌላ አንድ ሰው ይጫወተዋል፤ በየቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ላይ ይመጣል። እንየው ዘጠኝ ሰዓት ሲቃረብ ተነስቶ፣ ተማሪና አስተማሪ ሲለቀቅ ሊያይ ትምህርት ቤቱ በር ላይ ይቆማል፤ ያኛው እሱ ሲሄድ ገብቶ በሞቀው አግዳሚ ላይ ይቀመጣል። ስለዚህ አንድ ጦርነት በሁለት ሰው ይካሄድ ጀመር፤ ጠዋት የእንየው፣ ከሰዓት የዚያ ሰው። ተያይተው አያውቁም። በማስቲካ ካርቶን ቁራጭ ላይ እየጻፉ ጆይስቲኩ ሥር ይተዋሉ። የመጀመሪያው ከሰውየው ነበር፦ «እናቲቱን መርከብ ብቻዋን ትተህ አንድን ጠላት እስከ ሰማይ ጥግ ለምን አሳደድክ? የቸኮለች አፍሳ ለቀመች። እሷን ለማትረፍ አንድ ሰዓት ፈጀብኝ።» እንየው በተጣመመ እጅ ጽሑፉ «ጥቁሩን ብረት ገደለብኝ» ብሎ መለሰ። በማግሥቱ ካርቶኑን አነሳ። «ጥቁሩ ተጠግኖ ይመለሳል። እዚህ የሞተ ይጠገናል» ይላል። እንየው ካርቶኗን ሁለቴ አነበባት። ኪሱ ከተታት፤ ለምን እንደሆነ ቢጠይቁት አያውቅም።

ዛሬ ግን ጨዋታውን ገና ከፍቶ ሳይጨርስ አራት ሰዓት ላይ ስልኩ ጠራ። አያ ንጉሴ በጠዋቱ መኪና ገብተዋል፤ መናኸሪያው ጥግ ካለች ሻይ ቤት ናቸው። ሲደርስ ጋቢያቸውን እስከ አገጫቸው ተከናንበው ተቀምጠዋል። ሰላምታውን አልመለሱም። ሦስት ማንኪያ ስኳር ጨመሩ፣ አማሰሉ፣ ማንኪያዋን ላሱ፣ ከዚያ ተነስተው ባላቸው ኃይል በጥፊ አጮሉት። ጆሮው ጮኸ፤ ከንፈሩ ተሰነጠቀ። ሻይ ቤቱ ውስጥ የነበሩት ሰዎች ሁሉ ብርጭቋቸውን ማየት ጀመሩ።

«ሃያ አንድ ቀን!» አሉ። «እናትህ ጥቁር ለብሳ ሁለት ዓመቷ። አንተ እዚህ ከሕፃን ጋር ካርቱን ታያለህ አሉ።»

«በሩ ላይ እቆማለሁ አያ። አይወጣም።»

«በጓሮ በር እንደሚወጣ የከተማው ውሻ ሳይቀር ያውቃል፤ አንተ ብቻ ነህ የማታውቅ።» ሻያቸውን በአንድ ትንፋሽ ጨለጡት። «እስከ ስምንት ሰዓት ነው ቀጠሮህ። ከስምንት በኋላ እኔው አለሁ፤ አንተ ደግሞ ሱሪህን አውልቀህ ለእህትህ ትሰጣታለህ። የት ነው የምትቀመጥ?»

ነገራቸው። አሥራ አምስት ብር የሻይ ከፍለው፣ ዓይኑን ሳያዩ ወጡ።

እንየው ከንፈሩን እየጠረገ ተመለሰ። የትምህርት ቤቱን የጓሮ በር ዞሮ አየው፤ ተዘግቷል፤ ዘበኛው አፍጥጦ ስላየው ወደ ጌም ቤቱ ገባ። ሌላ የት ይሂድ? አምስት ሰዓት ተኩል ነበር። ቀዩን ወደ ፊት ላከው፤ ቀዩ አንድ ጠላት ቆርጦ ጣለ፣ ሁለተኛውን ቆረጠ፣ ሦስተኛው ክንዱን ገነጠለው። እንየው ሌሎቹን ብረቶች ሁሉ በዚያ ክንድ ገንጣይ ላይ አዘመተ። ጆሮው አሁንም ይጮኻል። የያዘው ፍርሃት ነበር፤ ፍርሃቱን ግን ንዴት ነው ብሎ ነበር የሚጠራው።

«አሁንም እናቲቱን ትተሃት ሄድክ» አለ አንድ ድምፅ ከአጠገቡ።

ቀና አለ። መነጽር ያደረገ፣ ጢሙ ያደገ፣ ኮቱ ትከሻው ላይ የተንጠለጠለበት ከሲታ ሰው ነው። «የዘጠኝ ሰዓቱ ነኝ» አለና ፈገግ አለ፤ «ዛሬ ቀደም ብዬ መጣሁ።» እንየው በዚያ መከረኛ ቀን ደስ አለው። እውነቱን መናገር ነው፤ ወንድሙ ከሞተ ወዲህ ሰው በማየቱ እንዲህ ደስ ብሎት አያውቅም። ጠጋ አለለት። ሁለቱ አንዱን ጆይስቲክ እየተቀባበሉ፣ የእንየውን ብረቶች እንየው፣ የሰውየውን ብረቶች ሰውየው እያንቀሳቀሱ እናቲቱን ከከበቧት አወጡ። ሰውየው ሲጫወት አይቸኩልም፤ ከመንቀሳቀሱ በፊት የጠላቱን ተራ አስቀድሞ ያስባል። ቀዩንና ጥቁሩን ጎን ለጎን አቆማቸው። «እነዚህ ሁለቱ በራሳቸው ታሪክ ደመኞች ናቸው» አለ፣ «ግን ጎን ለጎን ሲቆሙ ብቻ ነው ኃይላቸው የሚሞላው። አንተ ለያይተህ ነው የምታስገድላቸው።» እውነትም አብረው ሲመቱ የማያው ብርሃን ቆርቆሮውን ሁሉ ነጭ አደረገው። ስድስት ጠላት በአንድ ጊዜ ተበታተነ። እንየው ጭኑን በጥፊ መትቶ ሳቀ፤ የተሰነጠቀው ከንፈሩ እንደገና ደማ።

ስድስት ሰዓት ተኩል ላይ ቤቲ እናቷ ከጓሮ የሰራችውን ምሳ አመጣች። ረቡዕ ስለሆነ ሽሮ ነው። በጌም ቤቱ ደንብ አብረው ለሚጫወቱ ሁለት ሰዎች የሚቀርበው አንድ ትሪ ነው፤ ሁለት ትሪ የሚቀመጥበት ቦታም የለ። ከጆግ ውሃ አፈሰሰችላቸው፤ ታጠቡ። እንየው ዓይኑ ማያው ላይ እንዳለ ቆርሶ ጎረሰ። ሁለተኛውን ሊቆርስ ሲል የሰውየው እጅ ወደ አፉ መጣ፤ ጠቅልሎ፣ አሳምሮ፣ እንደ ወንድም ሊያጎርሰው። ጉርሻ አይመለስም። ከፍቶ ተቀበለ። ሰውየው እስኪውጥለት ጠበቀ፤ ከዚያ ጣቶቹን በወረቀት ጠረገ፣ መነጽሩን አወለቀ፣ አጥፎ የደረት ኪሱ ውስጥ ከተተ።

«ስሜን አልጠየቅከኝም» አለ።

«እውነትም። ማን ልበል?»

«ቀለመወርቅ።»

ኳስ ተጫዋቾቹ ጎል ገብቶ ይጮኻሉ። እንየው ፊቱን አየው። ጉንጩን በሐሳብ ሞላው፣ ጢሙን በሐሳብ ላጨው፣ ካባ አለበሰው፤ ያ ነው። የሽሮው ቅሪት ገና ጉሮሮው ላይ ነው። ደመኛ ከደመኛው ጋር አብሮ አይበላም። እርቅ ሲወርድ እንኳ የመጨረሻው ነገር እሱ ነው፤ ሽማግሌው ቆርሶ ለሁለቱም ሲያጎርስ። ከበሉ ወዲያ መግደል የለም። የገደለ የበላበትን ወጪት ሰባሪ ነው፤ የሠርግም የለቅሶም ሰው አይሆንም። ይህ ሰው ይህን ያውቃል። ያው የሲማዳ ልጅ አይደል።

እንየው ሽጉጡን ከወገቡ እንዴት እንዳወጣው አያስታውስም። አልተኮሰም፤ በሰደፉ መታው። መጀመሪያ ቅንድቡን፣ ከዚያ አፍንጫውን፤ አጥንቱ ሲሰበር እንደ ደረቅ ጭራሮ ቀጭ ሲል ሰማው። ቀለመወርቅ እጁን አላነሳም። ከአግዳሚው ወደቀ፤ እንየው ላዩ ላይ ሆኖ አሁንም መታው፣ ጥርሱን መታው፣ «አታለልከኝ!» እያለ መታው፤ ደሙ ትሪው ላይ ተረጨ፣ እንጀራው ላይ ቀላ። ልጆቹ ጆይስቲካቸውን ጥለው፣ ፌስታሉን ቀደው ሮጡ። ቤቲ ጥግ ላይ ተለጥፋ «ኧረ በማርያም! ኧረ በማርያም!» ትላለች። እንየው ክንዱ ሲዝል አቆመ። አፈሙዙን ግንባሩ ላይ ደቀነው። ጣቱ ግን እምቢ አለው።

«ስትጫወት ነው ያወቅሁህ» አለ ቀለመወርቅ ከደሙ ውስጥ እየተፋ። «አንድ ብረት ሲሞትብህ ዓለሙን ትተህ ገዳዩን የምታሳድድ ሰው… ይህ ሰው ደም ነው የሚመልሰው አልኩ። ቀጥሎ ዘመዶቼ የሞገስ ወንድም ከቤት ወጥቷል ብለው ደወሉልኝ። አንተ ዘጠኝ ሰዓት ላይ በሩን ስትጠብቅ ከሁሉ የሚሻለው መሸሸጊያ ያንተው ወንበር ነበር።»

«ለምን አልጠፋህም?»

«ሦስት ቤት ቀየርኩ። ስንት ልቀይር? አጎትህ ዛሬ መግባቱን ሰማሁ። ሦስት ጊዜ ሽማግሌ ላክሁ፤ እህሉን አልቀመሳችሁልኝም።» ዓይኑን በእጅጌው ጠረገ። «ሌላ መንገድ አጣሁ፤ ስለዚህ በእጄ አጎረስኩህ።»

እንየው ከላዩ ተነስቶ አግዳሚው ላይ ተቀመጠ። ማያው ላይ ጠላት ተራውን ጨርሷል፤ ጨዋታው የእሱን ትዕዛዝ ይጠብቃል። ሊያለቅስ ፈለገ። ወንድሙ ሞገስ ሙዚቃ የማያውቅ ዘፋኝ ነበር፤ ሲያርስ ያንኑ አንድ ስንኝ ነበር የሚደጋግመው፤ ያ ድምፅ ከምድር ጠፍቷል፤ እሱን ያጠፋው ቤት ልጅ ደግሞ እግሩ ሥር ጥርሱን እየለቀመ ነው። ጠላው። የዘጠኝ ሰዓቱን ሰው ግን ሊጠላው አልቻለም። አንድ ሰው መሆናቸው ነበር ችግሩ።

ፌስታሉ ተገፋ። አያ ንጉሴ ናቸው። የልጆቹን ሩጫ አይተው ነው ሰዓታቸው ሳይደርስ የመጡት። ቀኝ እጃቸው ጋቢ ውስጥ ነው። መሬት ላይ ያለውን ሰው አዩ፣ ደሙን አዩ፣ ፊታቸው በራ። «እሰይ! ምን ትጠብቃለህ? ጨርሰው።»

«በልቻለሁ አያ» አለ እንየው።

«ምን?»

«አብሬው በልቻለሁ። ማን እንደሆነ ሳላውቅ አጎረሰኝ።»

አያ ንጉሴ ትሪውን አዩ። ለአፍታ ፊታቸው ጠቆረ፤ ግን ችሎት የለመዱ ሰው ናቸው። «ሳያውቁ የበሉት ደም አያደርቅም» አሉ ረጋ ብለው። «ቄስም ይጠየቅ፣ ሽማግሌም ይጠየቅ፤ ባለማወቅ የገባ እህል እንደ ትፋት ነው። ተነስ።»

እውነታቸውን ነበር። የትኛውም ሽማግሌ እንዲያ ይፈርድ ነበር፤ እንየውም ይህን ያውቃል። ደሙ አልደረቀም፤ ሰውየውን ገድሎ እንደ ወንድ አገሩ መግባት ይችላል። ሽጉጡን አግዳሚው ላይ አስቀመጠ። ወደ ትሪው ጎንበስ አለ፤ ደም ካልነካው ወገን ሊቆርስ ፈልጎ ደም ያልነካው ወገን አጣ። ቆረሰ፤ ሽሮውን ጠቀሰ፤ የአጎቱን ዓይን እያየ ጎረሰ። አኘከ። እንጀራው ደም ደም ይላል። ዋጠ።

«ይሄንን አውቄ ነው» አለ።

አያ ንጉሴ ከጋቢያቸው ሽጉጥ መዘዙ። ወደ እንየው አልነበረም፤ መሬት ላይ ወዳለው ነበር። እንየው ዘሎ አፈሙዙን በቀኝ እጁ ጨበጠው። ተኩሱ በቆርቆሮው ቤት ውስጥ እንደ መብረቅ ጮኸ፤ ማያው ተሰብሮ ወረደ፤ እንየው እጁን ሲያይ ሌባ ጣቱና የመሃል ጣቱ በቦታቸው የሉም። ሕመሙ ገና አልመጣም ነበር። በግራው የአጎቱን አንገት አንቆ ከግድግዳው ጋር አላተማቸው፤ አንድ ጊዜ፣ ሁለት ጊዜ፣ ሽጉጣቸው እስኪወድቅ ድረስ። ያሳደጉት ሰው ናቸው፤ ጥርስ ያበቀለው እሳቸው ጭን ላይ ነው። ሲለቃቸው በቆርቆሮው ላይ ተንሸራተው ቁጭ አሉ። ትንፋሻቸውን እስኪሰበስቡ አፍጥጠው አዩት። ከዚያ ጋቢያቸውን አስተካክለው ተነሱ። ሽጉጡን አላነሱም።

«እንግዲያው ለእናትህ ሁለት ልጅ ነው የሞተብሽ እላታለሁ» አሉ። ፌስታሉን ገፍተው ወጡ።

ቀለመወርቅ እየተንገዳገደ ተነስቶ ሸሚዙን አወለቀ፣ ቀደደ፣ የእንየውን አንጓ አጥብቆ አሰረ። ቤቲ ባጃጅ ጠርታ ነበር። ባለባጃጁ ሁለቱን አይቶ «ወንበሬን ታበላሹታላችሁ» አለ፤ ከዚያ የሆነ ነገር ፊታቸው ላይ አነበበና ሞተሩን አስነሳ። መንገዱ ድንጋያማ ነው። ሕመሙ መጣ። እንየው ጥርሱን ነክሶ ጮኸ፤ ቀለመወርቅ እጁን ወደ ላይ ይዞለት ነበር።

ሆስፒታል ውስጥ የተቀበለቻቸው ዓለሚቱ ናት። ወንድሟን አየች፣ አብሮት ያለውን ሰው አየች፤ ማን እንደሆነ የጠየቀችው ካርዱ ላይ ለመጻፍ ብቻ ነበር። ሰውየው ስሙን ሲነግራት እስክሪብቶዋ ቆመ። ከዚያ ጻፈችው። ሌላ ነርስ ወደ ቀጣዩ ክፍል ወሰደችው። ዓለሚቱ የወንድሟን እጅ ቁስል በሚታጠብበት የጨው ውሃ አጠበች፣ አደነዘዘች፣ የተቆረጠውን አጥንት ሐኪሙ ካስተካከለው በኋላ ቆዳውን ሰብስባ ሰፋች። መርፌው ሲገባና ሲወጣ አንገቷ ላይ ያለው የደም ሥር ይመታል። በሩ ላይ ፖሊስ ቆሟል። እንየው የሆነ ነገር እንድትለው ጠበቀ፤ ብትሰድበው እንኳ። እሷ ክሩን ቆረጠች፤ ፋሻውን ጠቀለለች፤ ጠዋት የልጇን ግንባር በሳመችበት ልስላሴ የእሱን፣ ሳትስመው፣ በመዳፏ ነካችው።

ስልኩ ኪሱ ውስጥ ጠራ። ዓለሚቱ አውጥታ አየችው፤ ጆሮው ላይ ያዘችለት። እናታቸው ካሣነሽ ናት።

«በልተሃል አሉኝ» አለች። ደህና ዋልህ የለ፣ ሰላም የለ።

«በልቻለሁ።»

«አውቀህ ነው?»

ሊዋሽ ይችል ነበር፤ ግማሹ ውሸት አይሆንም ነበርና። «መጀመሪያ ሳላውቅ» አላት። «ኋላ ግን አውቄ።»

ከዚያኛው ጫፍ ከብት ወደ በረት ሲገባ ይሰማል። እናቱ ትተነፍሳለች።

«ምን ነበር ምሳው?»

«ሽሮ።»

«በሽሮ» አለች። ድምፅዋ እንደ አሮጊት ድምፅ ሆነ፤ አሮጊት አልነበረችም። «ሞገሴ፣ በሽሮ።»

እንየው እርግማኑን ጠበቀ። ጡቴን ያየው እስክትል፣ አገሬን እንዳትረግጥ እስክትል ጠበቀ፤ ብትለውም ይገባኛል ብሎ ነበር።

«ጥይት እጅህን መታህ አሉ?»

«ሁለት ጣቴን።»

«ውሃ እንዳታስነካው» አለች ካሣነሽ፣ እና ዘጋችው።